ፊት፣ ድምፅና ስም፦ የደበበ እሸቱ የፊልም ሕይወት

(በጂንካ ከተማ ለዩኒቨርሲቲ ተማሪዎችና መምህራን የቀረበ የአደባባይ ንግግር ሙሉ ጽሑፍ)



የዛሬውን ንግግር ከወይጦ መጀመር ግድ ሆኖብኛል። ከአርባ ምንጭ በኮንሶ በኩል ወደ ጂንካ የሚመጣ ሰው ሁሉ ሥፍራውን ያውቀዋል። ከኮንሶ ተራራ ቁልቁል እንደተወረደ ሙቀቱ በመኪናው መስኮት ይገባል፤ ወይጦ ላይ መንገዱ ለሁለት ይከፈላል፤ አንዱ ወደ ቀይ አፈር ሽቅብ ይወጣል፣ ሌላው ወደ አርቦሬና ወደ ቱርሚ ያመራል። በቅርቡ እዚያ ሻይ ለመጠጣት እንደቆምን ጎብኝዎችን የጫነ መኪና ደረሰ። አንድ የጸማይ ወጣት በርኮታውን ይዞ ቀጥ ብሎ ቆመ፤ አነሡት፤ ገንዘቡን ተቀበለ፤ መኪናው ሄደ። ጠጋ ብዬ፣ «እስከዛሬ ካነሡህ ፎቶግራፎች አንዱን አይተህ ታውቃለህ?» አልኩት። «አንዴ አይቻለሁ ጋሼ» አለኝ። «አንዱ ሾፌር በስልኩ አሳየኝ። ከሥሩ ጽሑፍ ነበረው፤ አንብብልኝ ብለው ‘የሐመር ጎረምሳ’ ይላል አለኝ።» ይህን ተናግሮ ከልቡ ሳቀ። እኔም አብሬው ሳቅኩ፤ ቀይ አፈር እስክንደርስ ግን ነገሩ ከአእምሮዬ አልወጣም። ፊቱ የእሱ ነው። ስሙ የለም፤ ብሔረሰቡ እንኳ የሌላ ሰው ሆኗል።

የማስተምረው ትምህርት ቴአትርና ሥነ ጽሑፍ ስለሆነ ሐሳቤ ወደማውቀው ሙያ ሄደ። ፊቱን ለካሜራ መስጠት የኑሮው ሥራ የሆነ ሰው ምን ያገኛል፤ ምንስ ያጣል? ፊት፣ ድምፅና ስም በአንድ ሰው ላይ ተሟልተው በሸራ ላይ የሚቆዩት መቼ ነው? ለዚህ ጥያቄ ከሀገራችን ተዋንያን መካከል ከደበበ እሸቱ የተሻለ ምሳሌ አላገኘሁም። በሙያው ዓለም «ጋሽ ደበበ» እያልን ስለምንጠራቸው በዚሁ አጠራር እቀጥላለሁ፤ ይህም አካዳሚያዊ ወግ አይደለም የሚል ካለ ይቅርታውን እጠይቃለሁ።

ጋሽ ደበበ በ1930ዎቹ ከተወለደው፣ በ1950ዎቹ መጨረሻና በ1960ዎቹ ወደ መድረክ ከወጣው ትውልድ ናቸው። ያ ትውልድ ሁለት ቤት ነበረው። አንደኛው እነ ሀገር ፍቅርና ያኔ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ስም ይጠራ የነበረው የዛሬው ብሔራዊ ቴአትር ነው። ሁለተኛው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ሥር የተቋቋመው የኪነ ጥበባት ማዕከል ነው። ከአሜሪካ ተምሮ የተመለሰው ተስፋዬ ገሠሠ በዚያ ሠርቷል፤ የጸጋዬ ገብረ መድኅንና የመንግሥቱ ለማ ተውኔቶችም የወጣቶቹ ተዋንያን መፈተኛ ነበሩ። ከማዕከሉ ወጣቶች ሁለቱ ለከፍተኛ የቴአትር ትምህርት ወደ ሃንጋሪ ሄዱ፤ ወጋየሁ ንጋቱና ደበበ እሸቱ። በዚያን ጊዜ በምሥራቅ አውሮፓ የተዋናይ ትምህርት ማለት በአመዛኙ የስታኒስላቭስኪ ትምህርት ማለት ነበር። ተዋናዩ ቃሉን ከማነብነቡ በፊት የገጸ ባሕርዩን ፍላጎት እንዲፈልግ፣ ሰውነቱ ከአፉ ቀድሞ እንዲናገር የሚጠይቅ ትምህርት ነው። ይህንን በቃል ያዙልኝ፤ ኋላ እመለስበታለሁ።

እነዚህ ሁለት የአንድ ዘመን ሰዎች በመድረክ የሠሩትን ዛሬ ማየት አንችልም። የመድረክ ጥበብ ጠባዩ ነው፤ መጋረጃው ሲዘጋ አብሮ ይዘጋል። ያዩት ሰዎች በሕይወት እስካሉ ድረስ ይወራለታል፤ ከዚያ በኋላ ወሬውም ይደክማል። የወጋየሁ ንጋቱን ዕጣ ተመልከቱ። በዘመኑ ከታላላቆቹ የመድረክ ተዋንያን አንዱ እንደነበረ ሽማግሌዎቹ ሁሉ ይመሰክራሉ። ዛሬ እናንተ ወጋየሁን የምታውቁት ግን በሐምሌትም ሆነ በሌላ ተውኔት አይደለም፤ በኢትዮጵያ ሬዲዮ «ፍቅር እስከ መቃብር»ን ሲተርክ ነው። በ1982 ዓ.ም. ካረፈ በኋላ የተወለደ ተማሪ እንኳ የጉዱ ካሣን ነገር ሲያነሣ ሳያውቀው በወጋየሁ ዜማ ይናገራል። ከወጋየሁ የተረፈልን ድምፁ ነው። ከጋሽ ደበበ ግን ፊታቸውም ተርፏል፤ ያውም ከአርባ ዓመት በላይ በተራራቁ ሁለት ፊልሞች፤ ሁለቱንም የሠራቸው የሌላ ሀገር ኢንዱስትሪ ነው። የዛሬው ንግግሬ ስለ እነዚያ ሁለት ፊልሞች ነው።

አስቀድሞ ግን የኢትዮጵያን የፊልም ሁኔታ ማስታወስ ይገባል። የመጀመሪያው ረዥም የአማርኛ ልቦለድ ፊልም የሚባለው «ሂሩት አባቷ ማነው» በ1957 ዓ.ም. ነው የታየው። ሚሼል ፓፓታኪስ ያዘጋጀው «ጉማ» እስኪመጣ ወደ አሥር ዓመት አለፈ። ስለዚህ በ1960ዎቹ አዲስ አበባ ውስጥ ሠልጥኖ የተመለሰ ተዋናይ የሚበላው ከመድረክ ነበር፤ ፊልም ልሥራ ቢል የውጭ ሰው ካሜራ ይዞ እስኪመጣ መጠበቅ ነበረበት። በሩሲያ ቢወለድ ኖሮ ሞስፊልም ወይም ሌንፊልም የሚባል፣ በዓመት በርካታ ፊልም የሚያወጣ የመንግሥት ስቱዲዮ ደመወዝ ይከፍለው ነበር። በእኛ ሀገር ተዋናይ እንጂ ስቱዲዮ አልነበረም።

ካሜራውም መጣ። እ.ኤ.አ. በ1973 የወጣው «ሻፍት በአፍሪካ» የተባለው ፊልም በከፊል በኢትዮጵያ ተቀረጸ። በዚያ ዘመን አሜሪካ ውስጥ በዋናነት ለጥቁር ተመልካች ታስበው የሚሠሩ የወንጀልና የጀብዱ ፊልሞች ገበያ ላይ ነበሩ፤ «ሻፍት» ከዝነኞቹ አንዱ ነው። የመጀመሪያዎቹን ሁለት ፊልሞች ያዘጋጀው ጥቁር አሜሪካዊው ጎርደን ፓርክስ ነበር። ሦስተኛው ወደ አፍሪካ ሲሻገር የአዘጋጅነቱን ወንበር እንግሊዛዊው ጆን ጊለርሚን ያዘ። ተከታታዩ ወደ አፍሪካ በመጣበት በዚያው ፊልም ላይ ጥቁሩ አዘጋጅ አለመኖሩን ልብ በሉ። ታሪኩ በአፍሪካውያን ወጣቶች ላይ ስለሚፈጸም ዘመናዊ የባሪያ ንግድ ነው፤ ወጣቶቹ ሥራ ታገኛላችሁ ተብለው ወደ አውሮፓ ይጋዛሉ። ይህ የታሪክ መነሻ፣ አደገኛውን የስደት መንገድ ለምናውቅ ለእኛ፣ ዛሬ ያኔ ከነበረው ይልቅ ይከብዳል። የፊልሙ አሠራር ግን ጀብዱ ነው። የኒው ዮርኩ መርማሪ ሪቻርድ ራውንድትሪ በዱላ መፋለም ሲማር የሚያሳየውን ክፍል የሱርማንና የሙርሲን የዶንጋ ፍልሚያ በዓይናችሁ ያያችሁ ተማሪዎች ብታዩት የምትስቁ ይመስለኛል።

በዚህ ፊልም ጋሽ ደበበ ዋሳ የተባለውን ገጸ ባሕርይ ተጫወቱ። ሚናው ስም ያለው ነው፤ በፊልሙ ፍጻሜ በሚወርደው ዝርዝር ላይ የእሳቸውም ስም ተጽፏል። ይህ ቀላል ነገር አይደለም። አሚሩን የተጫወተው ግን በጉያና ተወልዶ በእንግሊዝ የኖረው ሳይ ግራንት ነው። የአሚሩን ልጅ አለሜን የተጫወተችው አሜሪካዊቷ ቮኔታ ማጊ ናት። አለሜ የሚለው ስም ከእኛ ተወስዷል፤ ተራራውና ጸሐዩም የእኛ ነው፤ ኢትዮጵያዊቷን ልጅ የምትጫወት ኢትዮጵያዊት ግን አልተፈለገችም። ቮኔታ ማጊን ለመውቀስ አይደለም፤ ጥሩ ተዋናይት ነበረች። የምለው፣ በዚያ ፊልም ውስጥ ሀገሩ ዳራ ነበር፤ ከዳራው ወደ ፊት መውጣት የቻለው ኢትዮጵያዊ ተዋናይ ደግሞ ወደ መሐል አልደረሰም። ቡዳፔስት ድረስ ተሂዶ የተማሩት ትምህርት በዚያ ፊልም ውስጥ የሚሠራበት ጊዜ አላገኘም። ፊልሙን ደግሜ ስመለከተው የጋሽ ደበበ ዓይን ከቃላቸው በላይ ይናገራል፤ ካሜራው ግን ሌላ ቦታ ለመድረስ ይቸኩላል። ይህ የእኔ ፍርድ ነው፤ የሚቃወም ካለ በውይይቱ ጊዜ እሰማለሁ።

እዚህ ላይ ወደ እኛው አካባቢ ብቅ ልበል፤ ምክንያቱም በእነዚያው ዓመታት ካሜራዎች ከየአቅጣጫው ወደ ኢትዮጵያ ይገቡ ነበር። የሃርቫርዱ ሮበርት ጋርድነር በሐመር ምድር ቀርጾ እ.ኤ.አ. በ1974 «የአሸዋ ወንዞች» የተባለውን ፊልም አወጣ። በዚያው ዘመን ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረኃብ ቀርጾ እ.ኤ.አ. በጥቅምት 1973 በእንግሊዝ ቴሌቪዥን አሳየ፤ ያው ፊልም ከንጉሠ ነገሥቱ ግብዣ ምስሎች ጋር ተቀላቅሎ በ1967 ዓ.ም. ዋዜማ በአዲስ አበባ ሲታይ የመንግሥቱን መጨረሻ እንዳፋጠነ ታሪክ አንባቢ ሁሉ ያውቃል። ኃይሌ ገሪማም ከአሜሪካ ተመልሶ በአብዮቱ ዋዜማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን በጥቁርና ነጭ ቀረጸ። አንድ ሀገር፣ ሁለት ሦስት ዓመት፣ አራት ካሜራ። በሆሊውዱ ፊልም ኢትዮጵያዊው ተዋናይ ስም አለው፤ ታሪኩ ግን የእሱ አይደለም። በወሎው ፊልም ታሪኩ የእነሱ ነው፤ ስም ግን የላቸውም፤ እነዚያ ሕፃናት እነማን እንደነበሩ እስካሁን አናውቅም። ኃይሌ ገበሬዎችን ራሳቸውን ገበሬ አድርጎ አጫወተ፤ እንዲያ ሲያደርግ የተዋናይን ትርጉም ራሱን ነካው።

የሐመሩ ፊልም ከሁሉ ለየት ይላል። በመካከሉ ኦማሊንዳ የተባለች የሐመር ሴት ተቀምጣ ስለ ሴቶች ኑሮ፣ ስለ ጋብቻ፣ ስለ ግርፋት በራሷ ቋንቋ ትናገራለች። ፊት አላት፣ ድምፅ አላት፣ ስም አላት። እንግዲህ ሦስቱም ተሟሉ ማለት ነው? አልተሟሉም የሚሉ አሉ፤ ለዚያውም ሐመርን ከማንም የውጭ ሰው ይበልጥ የሚያውቁት ዢን ላይዳልና ኢቮ ስትሬከር ናቸው። ከ1970 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በሐመር የኖሩት እነዚህ አንትሮፖሎጂስቶች የጋርድነር ፊልም የሐመርን ኑሮ ያሳየበትን መንገድ በጽሑፍ ተቃውመዋል። ክርክሩን በዝርዝር ለማቅረብ ጊዜው አይበቃም። ለእኔ የሚጠቅመኝ ነጥብ አንድ ነው፤ ሰው በገዛ ቋንቋው ቢናገር እንኳ ቃሉን ቆርጦ ከየትኛው ምስል ጋር እንደሚያጋጥመው የሚወስነው ሌላ ሰው ነው። ይህ በዘጋቢ ፊልም ብቻ ሳይሆን በተዋናይም ላይ የሚደርስ ነገር ነው።

ከ1966 ዓ.ም. በኋላ ያለውን የጋሽ ደበበን ረዥም ዘመን በአጭሩ አልፈዋለሁ። በመድረክ ላይ ሠሩ፣ አዘጋጁ፣ ወጣቶችን አሠለጠኑ። በ1997ቱ ምርጫ ከቅንጅት ጋር በአደባባይ ቆሙ፤ በ1998 ዓ.ም. ከሌሎቹ የፓርቲው መሪዎች ጋር ታሰሩ፤ በሐምሌ 1999 ዓ.ም. በይቅርታ ተፈቱ። የፖለቲካውን ፍርድ ለፖለቲካ ሳይንስ ክፍለ ትምህርት እተወዋለሁ። እኔ የማነሣው ተዋናይ ያየው ነገር በፊቱ ላይ ስለሚቀር ብቻ ነው። ፊት ደግሞ የተዋናይ መሣሪያ ነው፤ እንደ ክራር ቆዳ በዕድሜ ይለወጣል፤ ድምፁም አብሮ ይለወጣል።

ወደ ሁለተኛው ፊልም ከመሄዴ በፊት ወደ ሩሲያ ልውሰዳችሁ፤ ምክንያቱ ወዲያው ይገባችኋል። የእኔ ዕድሜ ሰዎች በደርግ ዘመን የሶቪየት ፊልም ያላየን ጥቂቶች ነን። ታንክ ብቻ የሚመስለን ነበር። ኋላ በትምህርት ዓለም ሳለሁ የግሪጎሪ ኮዚንትሴቭን ሥራዎች አገኘሁ። ኮዚንትሴቭ እ.ኤ.አ. በ1964 ሐምሌትን፣ በ1971 ደግሞ ንጉሥ ሊርን ፊልም አድርጎ አወጣ። የሁለቱም ሩሲያኛ ትርጉም የፓስተርናክ፣ ሙዚቃቸው የሾስታኮቪች ነው። ንጉሥ ሊርን የተጫወተው ዩሪ ያርቬት የተባለ የኤስቶኒያ ሰው ነበር፤ በታሊን የተወለደ፣ በገዛ ሀገሩ መድረክ ያደገ። ትንሽ፣ ቀጭን፣ ዓይኑ ሰፊ ሽማግሌ። ንጉሥ ሲባል በአእምሯችን ከሚመጣው ግዙፍ ሰው ጋር ምንም አይገናኝም፤ ፊልሙ የማይረሳው ግን በዚያው ፊት ምክንያት ነው።

ታዲያ ያርቬት ሩሲያኛን የሚናገረው በኤስቶኒያ ቅላጼ ነበር። ስለዚህ በተዘጋጀው ፊልም ላይ የምንሰማው የእሱን ድምፅ አይደለም። ዚኖቪ ገርድት የተባለ ሌላ ተዋናይ በሩሲያኛ ተናገረለት። ገርድት በጦርነት እግሩ የቆሰለ፣ በሞስኮ በኦብራዝትሶቭ የአሻንጉሊት ቴአትር ለብዙ ዓመታት የሠራ ሰው ነው፤ ከመጋረጃ በስተጀርባ ሆኖ ለሌላ አካል ድምፅ መስጠት ሙያው ነበር ማለት ነው። ውጤቱ ያምራል፤ አልክድም። ሊር ማዕበሉ መካከል ሲጮኽ የሚንቀጠቀጠው ከንፈር የአንድ ሰው፣ ጩኸቱ የሌላ ሰው ነው፤ ተመልካቹም አያውቅም። ያርቬት በዓመቱ በታርኮቭስኪ «ሶላሪስ» ላይ ሲሠራም እንዲሁ ሌላ ሰው ተናገረለት። በአንድ ትልቅ ሀገር ሲኒማ ውስጥ የትንሽ ሕዝብ ልጅ ፊቱ ሲወደድለት ድምፁ እንዴት እንደሚቀርበት ከዚህ የበለጠ ግልጽ ምሳሌ አላውቅም። በዚህ አዳራሽ ውስጥ አሪኛ፣ ሐመርኛ፣ ጸማይኛ፣ ባንኛ አፋቸውን የፈቱ ተማሪዎች አሉ፤ በክፍል ውስጥ አማርኛችሁ ላይ የተሳቀባችሁ ካላችሁ ያርቬትን አስታውሱት።

አሁን ወደ ጋሽ ደበበ እንመለስ። እ.ኤ.አ. በ2014 በእስራኤል «ቀይ ቅጠሎች» የተባለ ፊልም ወጣ። አዘጋጁ ባዚ ጌቴ በኢትዮጵያ ተወልዶ በልጅነቱ ወደ እስራኤል የሄደ ነው። ፊልሙ ከንጉሥ ሊር ታሪክ መነሻ ይወስዳል። ግን ንጉሥ የለበትም፤ ቤተ መንግሥትም የለበትም። ያለው የሰባ አራት ዓመቱ መሰጋኒዮ ታደለ ነው፤ ከኢትዮጵያ ከወጣ ሃያ ስምንት ዓመት ሆኖታል፤ ዕብራይስጥ ከልቡ አልገባም፤ ጥቂት ይናገራል፣ ብዙ ዝም ይላል። ሚስቱ ስትሞት ቤቱን ሸጦ የቀረ ዕድሜውን በልጆቹ ቤት ለማሳለፍ ይነሣል። ሊር መንግሥቱን ለልጆቹ እንዳካፈለ፣ መሰጋኒዮ ራሱን ያካፍላል። ከአንዱ ልጅ ቤት ወደ ሌላው ሲዘዋወር የሚያገኘው አዲስ ኑሮ ነው፤ ሽማግሌ ሲገባ የማይነሣ ሰው፣ የማይሰማ የልጅ ልጅ፣ በአባት ፊት ድምፅዋን ከፍ የምታደርግ ሴት። እሱም ንጹሕ አይደለም። ክብር የሚለው ነገር አንዳንዴ ጭካኔ ነው፤ ያዘዘው ሁሉ እንዲሆን ይፈልጋል። አዘጋጁ አባቱን አላቆነጀውም፤ ልጆቹንም አልኮነነም።

በዚህ ፊልም ውስጥ የቡዳፔስቱ ትምህርት በመጨረሻ ቦታውን አገኘ። ቀደም ሲል በቃል ያዙልኝ ያልኳችሁ እሱን ነው፤ ሰውነቱ ከአፉ ቀድሞ የሚናገር ተዋናይ። መሰጋኒዮ የሚለው ትንሽ ስለሆነ ተዋናዩ ሁሉን በአንገቱ፣ በአቀማመጡ፣ ነጠላውን በሚያጣፋበት እጅ መናገር አለበት። እኔ በግሌ ከንግግሩ ሁሉ ይልቅ የሚመታኝ ሽማግሌው በልጁ ሳሎን ውስጥ የት እንደሚቀመጥ ለመወሰን የሚወስድበት ጊዜ ነው። ወንበር አለ፤ ግን የእሱ ወንበር የትኛው ነው? እናንተም አያቶቻችሁን ከገጠር አምጥታችሁ በከተማ ቤት ስታስቀምጡ ይህን አይታችሁታል። ሲናገርም ቋንቋው የራሱ ነው፤ አማርኛው ጋሽ ደበበ ሃምሳ ዓመት በመድረክ የገሩት አማርኛ ነው። ማንም አልተናገረላቸውም።

እንግዲህ ሁለቱን አስተያዩ። በ1973ቱ ፊልም ደበበ እሸቱ በገዛ ሀገራቸው ምድር ላይ የውጭ ሰው ታሪክ አጃቢ ናቸው። በ2014ቱ ፊልም በባዕድ ሀገር የራሳቸው ሰው ታሪክ መሐል ናቸው። ለመጀመሪያው ፊልም ገንዘቡም፣ ስቱዲዮውም፣ ዝናውም ነበር። ለሁለተኛው በኢትዮጵያዊ እናት ያደገ አዘጋጅ ነበረው። ለውጡን ያመጣው የተዋናዩ ችሎታ መጨመር ብቻ ነው ብዬ አላምንም፤ ችሎታው ድሮም ነበር። የተለወጠው ከካሜራው በስተኋላ የቆመው ሰው ነው። በዚህ ነጥብ ላይ አንዳንድ ባልደረቦቼ እንደማይስማሙ አውቃለሁ፤ የአዘጋጁ ዘር የፊልሙን ጥራት አይወስንም ይሉኛል። እውነት ነው፤ ኮዚንትሴቭ ኤስቶኒያዊ ሳይሆን ያርቬትን አይቶታል። ነገር ግን ፊቱን አይቶ ድምፁን አልሰማውም፤ ባዚ ጌቴ ግን ዝምታው ራሱ በምን ቋንቋ እንደሆነ ያውቃል።

ይህንን የምለው በጥቂት ሐዘን ጭምር ነው። ሁለተኛው ፊልም የተሠራው ጋሽ ደበበ ሰባ ዓመት ካለፋቸው በኋላ ነው። በሁለቱ መካከል ያለው አርባ ዓመት የተዋናይ ጎልማሳነት ነው፤ ኦቴሎ የሚሆንበት፣ ቴዎድሮስ የሚሆንበት፣ በደለኛ ባልና የተከበረ ዳኛ የሚሆንበት ዕድሜ። የሩሲያ ተማሪ ስሞክቱኖቭስኪ በሠላሳ ስምንት ዓመቱ ሐምሌትን እንዴት እንደተጫወተ ዛሬ ማታ ከፍቶ ማየት ይችላል። እኔ ለእናንተ የጋሽ ደበበን ወይም የወጋየሁን የጎልማሳነት መድረክ የማሳያችሁ ፊልም የለኝም። በየቴአትር ቤቱ የታተሙ የድሮ የትርኢት መግለጫ ወረቀቶች፣ ጥቂት ፎቶግራፎች፣ የሰዎች ትዝታ አለ። የቴአትር ታሪክ የምናስተምረው በዚህ ነው።

አንድ የመጨረሻ ነገር ልጨምር፤ ወደ ሰፈራችን የሚመልሰን ስለሆነ። በደቡብ ኦሞ ምድር በፊልም ላይ ረዥም ዘመን የቆየ ሰው ማነው ብትሉኝ መልሴ ዱካ የተባለችው የሐመር ሴት ናት። ዢን ላይዳል ከቢቢሲ አዘጋጅ ከጆአና ሄድ ጋር በ1990፣ በ1991ና በ1994 እ.ኤ.አ. ሦስት የሐመር ፊልሞችን ሠራች። በሁለተኛው ፊልም ዱካ የምትዳር ልጃገረድ ናት፤ በሦስተኛው ባለትዳር ሆናለች። በ2001 ላይዳል ከልጅዋ ከካይራ ስትሬከር ጋር ተመልሳ በሠራችው ፊልም ባሏ ሁለተኛ ሚስት አምጥቶባታል፤ የፊልሙ ርእስም በዱካ ስም ነው። ዱካ ተዋናይ አይደለችም፤ ማንንም አትጫወትም። ግን አንድ ተመልካች የአንዲትን ሴት ፊት ከልጃገረድነት እስከ ብዙ ልጆች እናትነት ሲለወጥ ያያል፤ ስሟን ያውቃል፤ የምትለውን በድምፅዋ ይሰማል። በጂንካው ኮረብታ ላይ ያለውን የደቡብ ኦሞ ሙዚየምና የምርምር ማዕከል የምታውቁ ተማሪዎች የእነዚህን ሰዎች ሥራ ከዚያ ጀምራችሁ መከተል ትችላላችሁ።

ጋሽ ደበበንና ዱካን ጎን ለጎን ማስቀመጤ የሙያውን ክብር ዝቅ ማድረግ የሚመስላቸው ይኖሩ ይሆናል። እኔ እንደዚያ አላየውም። ሁለቱም ካሜራው ከአንድ ጊዜ በላይ ስለተመለሰላቸው ነው ሰው ሆነው የታዩት። ወይጦ ላይ ያ ወጣት የቆመለት ካሜራ ግን ለሦስት ደቂቃ ቆሞ ሄደ፤ ተመልሶም አልመጣም።

ስለዚህ ከዚህ መድረክ ስወርድ በር ላይ አንድ ደብተር አስቀምጣለሁ። ከወይጦ፣ ከቀይ አፈር፣ ከዲመካ፣ ከቱርሚ፣ ከሙርሲና ከቦዲ አካባቢ የመጣችሁ ተማሪዎች፣ ከዘመዶቻችሁ መካከል በፊልም የተቀረጸ ሰው ካለ ስሙን፣ የወላጁን ስም፣ የተቀረጸበትን ቦታና የምታስታውሱትን ዘመን ጻፉልኝ። ማንበብና መጻፍ የማይችሉ ሽማግሌዎች ካሉ ስማቸውን እናንተ ተቀብላችሁ ጻፉ፤ ፈቃዳቸውን ግን አስቀድማችሁ ጠይቁ። የብሔረሰቡን ስም ስትጽፉ ተጠንቀቁ፤ የጸማዩን ልጅ ሐመር እንዳታደርጉብኝ።

አሁን ጥያቄ ያላችሁ እጃችሁን አንሡ፤ ከኋላ ካሉት እንጀምር።